ሸክላ በጠፋ ጊዜ

ኔቫ እንደ ድንጋይ ረግቶ በሚከርምበት ወራት፣
አክስቴ ኖና ከሥራ ትገባ ነበር በሌሊት፤
ከሆስፒታሉ ምድር ቤት፣ ከራጅ ክፍሉ ጽልመት።
ካፖርቷን ስትፈታ ከወገቧ ሥር ይወርዳል
የተጠቀለለ ፊልም፤ ቤቱ መድኃኒት ይሸታል።
የማናውቀው ሰው ሳንባ፣ የማናውቀው ሰው ትከሻ፣
ዘመኑ ያለፈ መዝገብ፣ የምድጃ ድርሻ።
"ይቃጠል" ይላል ደንቡ። እሷ ግን አታቃጥልም፤
ለቬንያሚን ትሸጠዋለች፣ በዋጋም አትከራከርም።

ሰዓት ጠጋኙ ቬንያሚን፣ አንድ ዓይኑን በመነጽር የሚያስረው፣
ከወዳደቀ ብረት የገጣጠመው ዜማ የሚቆፍር ማሽን ነበረው።
ፊልሙን በመቀስ ክብ ያደርጋል፣ ሳይጨነቅ ለዳሩ፣
መሐሉን በሲጋራ ጫፍ ይበሳል፣ ፊቱን አዙሮ ከጭሱ።
ከባሕር ማዶ የመጣ ጊታር፣ በመርከበኛ ቦርሳ የገባ፣
ቦይ ቦይ እየቀደደ ይወርዳል በሰው ሳንባ።

ሸክላማ ነበረ፤ የመንግሥት ነው እንጂ፣
ስለ ትራክተር የሚያዜም፣ ሰልፈኛ የሚያስረግጥ በደጅ።
"ሰውም ሸክላ ነው" ይሉ ነበር አያቶች፣ ቤተ ክርስቲያን ሳይዘጋ በፊት፤
እኛ ሸክላውን ብንነፈግ፣ ዘፈን ቀዳን በአጥንት።

አሥራ አራት ዓመቴ ነበር፣ ከአንድ ደረጃ ሥር ገዛሁ፤
እጅጌዬ ውስጥ ጠቅልዬ፣ ትራም ፈርቼ በእግሬ ተጓዝሁ።
መርፌው ሲነካው መጀመሪያ አሸዋ ነው፤ ቀጥሎ እንደ በሽተኛ ይስላል፤
ከሳሉ ውስጥ ድንገት ከበሮ፣ ከከበሮው ውስጥ አንድ ጎረምሳ ይስቃል።
ቋንቋውን አላውቀውም። ሳቁን ግን አወቅሁት።

ዘፈኑ ሲያልቅ አንሥቼ በአምፖሉ ፊት አየሁት፦
ሁለት ቦታ የተሰበረ ጎድን፣ እንደ ጭላንጭል የነጣ፣
በዳሩ ላይ በትንሽ ፊደል፣ ግማሹ በመቀስ የወጣ፣
"ዳ. ቮስትሪኮ—፣ ግራ ጎን።"
ስሙ የኔም ስም ነው።
አባቴ "ከመሰላል ወድቄ ነው" ብሎን ነበር ከሄደበት ሲመለስ።
እኛ ቤት መሰላል አልነበረም።
ከዚያ በኋላ አንድ ክረምት ኖረ፤ አልተናገረም።

ኖናን ጠየቅኋት። ወንድሟ ነው እኮ። ድንች ትልጥ ነበር፤
ልጣጩ እስኪያልቅ አልመለሰችልኝም፣ ቢላዋዋ እስኪያድር።
"እሳት ውስጥ ከምጨምረው" አለች፣ "ቢያንስ እሱ ይዝፈን።"
ሌላ ቃል አልወጣትም። ድንቹን በላን።

ሃያ አምስት ዓመት አለፈ። የቦይለር ቤት እሳት ጠባቂ ነኝ አሁን፤
ሥራ የሌለው ሰው "ጥገኛ" ተብሎ ይታሰራልና፣
እነ ታይሲያና ሌቭካም በወረቀት የኔ ረዳቶች ናቸው፣ የከሰል አቧራ ልጆች፤
አንድ አካፋ ሦስት ሰው። ሁለቱ ጊታር ይቃኛሉ።
ቅዳሜ ቅዳሜ በሰው ቤት ይጫወታሉ፣ ጫማ በር ላይ አውልቀው፣
ሃምሳ ሰው በአሥራ ሁለት ካሬ፣ ሻንጣ ከበሮ ሆኖ።
ጎረቤት ተናድዳ የማሞቂያውን ቱቦ በማንኪያ ትቀጠቅጣለች፤
ሌቭካ ምቱን ይሰርቅና ይከተላታል። ሳታውቅ ከባንዱ ገባች።

አልጋው ጫፍ ላይ አንድ ሰው አለ፣ ካልሲው አዲስ።
ማን እንደላከው እናውቃለን፤ ሻይ እንሰጠዋለን፣ ስኳር ሳንቆጥብ።
አፉን አጥብቆ ዘግቷል፣ ዓይኑም ስም እየመዘገበ ነው፤
በሦስተኛው ዘፈን ግን እግሩ ከዳው።
ወለሉን ይመታ ጀመር፣ በቀስታ፣ እያፈረ።

የኔ ፊልም ተሟጧል። አሥር ጊዜ ቢጫወት ነው ዕድሜው፣
እኔ መቶ ጊዜ አጫውቼዋለሁ፤ አሸዋው ብቻ ነው የቀረው።
ከቦይለሩ በላይ፣ ከአምፖሉ ፊት በሽቦ ሰቅዬዋለሁ፤
እሳቱ ሲንቦገቦግ ጎድኑ የሚተነፍስ ይመስለኛል።
ታይሲያ "የማን ነው?" አለችኝ ትናንት፣ ክር እየቀየረች።
የመጀመሪያው ጊታር ተጫዋቻችን ነው፣ አልኳት።
ሳቀች። መልሳ ግን ቀና ብላ አየችው፣ ቆየች።

ግፊቱ ወርዷል።
ከሰል ልጨምር።